በሺጎው ፀሐይ የወጣች ቀን

ዝናቡ ሁለተኛ ሳምንቱን ሲይዝ ፌንግሊያን ከሰማይ ጋር መነጋገር አቆመች። እስከዚያ ድረስ በየማለዳው ደጃፏ ላይ ቆማ አንድ ሁለት ትለው ነበር፤ አንዳንዴ ትለማመጠዋለች፣ አንዳንዴ ትሰድበዋለች። አሁን ግን ቀና ብላም አታየው። እንደተኳረፉ ጎረቤታሞች ሆነዋል።

ያስጨነቃት በማድረቂያው ቤት ውስጥ ከጣሪያ እስከ ወለል በክር በክር የተንጠለጠለው ሺዝ ነው። ሺዝ ቲማቲም የሚያክል፣ ሲበስል ብርቱካን የሚመስል ፍሬ ነው፤ ተልጦ ይሰቀላል፣ ውኃው ሲመጠጥ በእጅ ይታሻል፣ መጨረሻ ላይ የገዛ ስኳሩን አውጥቶ ነጭ ዱቄት የተነሰነሰበት ይመስላል። የሺጎው መንደር ከቅድመ አያት ጀምሮ የኖረው በዚህ ነው። ታዲያ ፍሬው አንዴ ከተላጠ ቀልድ አያውቅም። ሙቀትና ነፋስ በጊዜው ካላገኘ ይኮመጥጣል፣ ይጠቁራል፣ ከክሩ እየሾለከ መሬት ላይ ጧ ይላል። ያን ቀን ጠዋት ፌንግሊያን የወደቀውን ስትለቅም ማድረቂያው ቤት መጠጥ ቤት መጠጥ ቤት ይሸት ነበር።

ድሮ ቢሆን መላው ቀላል ነበር። ከማድረቂያው ጀርባ የድንጋይ ከሰል ምድጃ አለ፤ እሱን መለኮስ ነው። ባሏ ዕድሜውን ሙሉ ያን ምድጃ ሲቆሰቁስ ኖረ፤ በመጨረሻ ደረቱ ውስጥ የገባውን ጥቁር ነገር እየሳለ፣ ሳል ብቻ ሆኖ ሞተ። ልጇ ዌንሻን ያኔ ሩቅ ከተማ ፋብሪካ ውስጥ ስልክ ይገጣጥም ነበር። ለቀብር መጣ፣ በዚያው ቀረ። በቀብሩ ማግስት የምድጃውን በር በሽቦ ጠፍሮ አሰረና፣ “ከእንግዲህ ይሄ አይነድም” አለ። ሐዘን ነካ አድርጎታል ብለው ተንሾካሾኩበት።

የተነካ ሰው ግን እንደሱ አይሠራም። የመንደሩን ሊቀመንበር ሽማግሌውን ዳንግን ደጅ ጠንቶ፣ እያንዳንዱን ቤት አስማምቶ፣ ከመንደሩ በላይ ባለው ፍየል እንኳ በማይግጠው ተዳፋት ላይ በጋራ የሶላር ሰሌዳ አስተከለ። ሶላሩ ማድረቂያውን ያሞቃል፣ ማራገቢያውን ያዞራል፤ ዌንሻን ደግሞ ፍሬውን በስልኩ ለከተማ ሰው ይሸጣል። ሁለት ካሜራም ሰቀለ፤ አንዱን ማድረቂያው ቤት ውስጥ፣ ሌላውን ተዳፋቱ ላይ። ከተሜው ቢሮው ተቀምጦ የሺዙን መድረቅ በቀጥታ ያያል፤ በስክሪኑ ጥግ ደግሞ ሰሌዳዎቹ በዚያች ቅጽበት የሚያመነጩት ኃይል በቁጥር ይታያል።

“ፍሬ ሲደርቅ የሚያይ ሥራ ፈት ይኖራል?” ብላ ፌንግሊያን ስቃ ነበር። ነበረ! አገሩ በሥራ ፈት የተሞላ ነው። በከሰል ጭስ ከደረቀው ርካሽ ይልቅ ወደድ ያለውን፣ የፀሐዩን መረጡ። ከሚሸጠው እያንዳንዱ ሣጥን ትንሽ ትንሽ እየተነሳ አዲስ ሰሌዳ ይገዛበታል። ሻንጋይ ያለች አንዲት የማያውቋት ሴት ለሻይዋ ሺዝ ስታዝ፣ ሺጎው ተዳፋት ላይ ሶላር ይበቅላል። ዌንሻን ይህን ሲያስረዳ ፊቱ ያበራል፤ እናቱ ነገሩ ሙሉ በሙሉ ባይገባትም ፊቱ ይገባታል።

ዘንድሮ ደግሞ ለዘመን መለወጫ የጎረፈው ትዕዛዝ ከአምናው በእጥፍ በለጠ። ከዚያ ዝናቡ መጣ። የተጠራቀመው ኃይል አለቀ። የመንደሩ የመብራት መስመር ቀጭን ነው፤ ማሞቂያው ሲጫንበት ሰፈሩን በሙሉ ያጨልማል። ማራገቢያው ቀጥ አለ።

“ዌንሻን፣ ስማኝ ልጄ” አለች፣ የወደቀውን ፍሬ በመሶብ መሳይ ቅርጫቷ ይዛ። “ሽቦውን ፍታው።”

“እማዬ፣ ጀመርሽ ደግሞ።”

“ለጥቂት ቀን ብቻ፣ እስኪጠና። ፀሐይ ስትወጣ በሶላርህ ትጨርሰዋለህ። ማን ያያል?”

“እኔ አያለሁ።”

“አንተማ ታያለህ። አንተ ግን ገዢ አይደለህም።”

ዌንሻን ሳቅ አለ፤ የማታ የማታ እንቅልፍ ያጣ ሰው ሳቅ ነው። “ሰዎቹ እኛን የመረጡን ለምን ይመስልሻል? ሺዝ ጠፍቶ ነው? በየመንደሩ እንደ ጉድ ሞልቷል። ጭስ የለበትም ስላልናቸው ነው። ጭስ ካለበት እኛም እንደማንም ነን።”

“ከበሰበሰ ደግሞ እንደማንም እንኳ አይደለንም!”

“ይበስብሳ!” አለ፤ ወዲያው ድምፁን ዝቅ አደረገ። “ከበሰበሰ ተዳፋቱን ለኩባንያ ያከራዩታል፤ ጋሽ ዳንግ ነግሮኛል፣ ሰዉ ትዕግሥቱ አልቋል። እኔም ሻንጣዬን ይዤ ወደ ፋብሪካዬ። የአባዬን እሳት ግን አላነድም።”

እሷ የሰማችው ሻንጣ የሚለውን ብቻ ነው።

ልጇ ከተማ በነበረ ጊዜ ቤቱ ምን እንደሚመስል የምታውቀው እሷ ናት። በሳምንት አንዴ ስልክ ይጮሃል። በላሽ? በላሁ። በረደ? በረደ። በቃ። ከዚያ እስከሚቀጥለው ሳምንት፣ ባሏ ምድጃው ጋ ሲውል፣ ከግድግዳ ጋር ትፋጠጣለች። ባሏ ከሞተ ወዲህ ደግሞ የሳሉም ድምፅ የለ። የዌንሻን ጫማ ደጃፍ ላይ ባይኖር፣ ማታ “እማዬ፣ ጨው አበዛሽ” የሚላት ባይኖር፣ ያን ቤት ብቻዋን አትችለውም። ይህን ለማንም አልተናገረችም፤ ለራሷ ግን አልደበቀችም። ሞት ይሻላታል።

በነጋታው ዌንሻን ሣጥኖቹን የሚያጓጉዙትን የፖስታ ድርጅት ሰዎች ጥቂት ቀን እንዲታገሱት ሊለምን ወደ ወረዳው ከተማ ወረደ። ሞተር ብስክሌቱ ከመታጠፊያው እንደተሰወረ ፌንግሊያን ጉጠት ይዛ ወደ ምድጃው ሄደች። የቸገረው እርጉዝ ያገባል ይባል የለ፤ እሷ ደግሞ የባሏን ገዳይ ልታገባ ሄደች።

ሞኝ ግን አይደለችም። መጀመሪያ ማድረቂያው ቤት ገብታ፣ በርጩማ ላይ ወጥታ፣ ካሜራው ላይ የማዳበሪያ ከረጢት አጠለቀችበት። “ትንሽ ተኛ” አለችው። ከዚያ ሽቦውን ፈታች። ሽቦው ዝጎ ስለነበር ጣቷን ቦጨቃት። ከሰሉን ሞልታ ስትለኩስ፣ ያ የምታውቀው ሽታ ፊቷን ሲመታት፣ ባሏ ከኋላዋ የቆመ ስለመሰላት ዞር አላለችም። ሙቀቱ ግን ገባ። እጇን ወደ ፍሬዎቹ ዘርግታ ሙቀቱ ሲደርሳቸው ስታይ፣ ከዚያ ሁሉ ቀን በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ትንፋሿ ወረደላት።

ብዙ አልቆየም፤ ጎረቤቷ ቻውጀን ጃንጥላ እንኳ ሳትይዝ፣ ስልኳን ከፍ አድርጋ፣ ጭቃውን እየረጨች እየሮጠች መጣች።

“እትዬ! እትዬ ፌንግሊያን! ጉድሽ ፈላ፣ አጥፊው! ስልክ ላይ ነሽ!”

“የምን ስልክ? ካሜራውን ሸፍኜዋለሁ እኮ!”

“የቱን?”

“የቤቱን ነዋ።”

“የላይኛውስ?”

ተዳፋቱ ላይ ያለው ካሜራ፣ ሰሌዳዎቹን ከላይ ወደ ታች የሚያሳየው፣ ከሰሌዳዎቹ ጀርባ የማድረቂያውን ጣሪያና ጭስ ማውጫውን አብሮ ያሳያል። ጉድና ጅራት ከወደኋላ ነው። በስልኩ ላይ ግራጫው ሰማይ፣ እርጥቡ ሰሌዳ፣ በጥጉ ላይ ዜሮን የሙጥኝ ያለው ቁጥር፤ ከዚያ ሁሉ ጀርባ እንደ ጥቁር ገመድ ቀጥ ብሎ የሚወጣ ጭስ ይታያል። ከሥሩ አስተያየቱ ይወርዳል፤ ቻውጀን ሳታነብ ማለፍ አልቻለችም።

“‘ፀሐያችሁ ታጨሳለች እንዴ?’ ይላል አንዱ። ‘ምነው ሲጋራ ብታቆም’ ይላል ሌላው። ‘ውሸታሞች፣ ገንዘቤን መልሱ።’ ይሄኛውም መልሱ። ይሄም፣ ይሄም... ‘ልጄ አስም ስላለባት ነበር ጭስ የሌለውን የመረጥኩት።’ ኧረ እትዬ፣ ምን ነክቶሽ ነው?”

ዌንሻን ሲደርስ ግቢው በሰው ተሞልቶ ነበር። ማንንም ሰላም አላለም። አንድ ባልዲ ውኃ ከጉድጓዱ ቀድቶ ምድጃው ውስጥ ደፋው፤ እንፋሎቱ ሲያፏጭ እዚያው ቆሞ አየው። የተፈታውን ሽቦ ከመሬት አነሳና ኪሱ ከተተው።

ሽማግሌው ዳንግ ጉሮሮውን ጠረገ። “ልጅ ዌንሻን፣ ትዕዛዙ ሁሉ እየተሰረዘ ነው አሉ። የስልኩ ሱቃችንም ከገጹ ወደ ታች ወርዷል፤ ሰው ቢፈልገን እንኳ አያገኘንም። እኔ እንግዲህ እስከ ዛሬ ሰዉን ይዤልህ ነበር...”

“ገብቶኛል ጋሽ ዳንግ። አከራዩት።”

ይህን ብሎ ቤት ገባ። ፌንግሊያን ተከትላው ስትገባ ተንበርክኮ ሻንጣውን ከአልጋው ሥር እየጎተተ አገኘችው። የሻንጣው ጎማ ወለሉ ላይ ተንኳኳ።

“ስደበኝ” አለችው። “ከፈለግህም ምታኝ። ግን እሱን መልሰው።”

“አልተቆጣሁሽም እማዬ።”

“ተቆጣ እንጂ! ምን አለበት ብትቆጣ!”

“ለእኔ ብለሽ እንዳደረግሽው አውቃለሁ” አለ፣ ሸሚዙን እያጠፈ። “በቃ አልሆነም። አንዳንድ ነገር አይሆንም።”

የተቆጣን ልጅ እናት ታባብላለች። ያልተቆጣውን በምን ይዛ ታስቀረው? ፌንግሊያን ወጥታ፣ ሰዉን በክርኗ እየገፋች፣ ማድረቂያው ቤት ገባች። ከረጢቱን ከካሜራው ላይ መንጭቃ አወረደች። ያቺ የካሜራው ቀይ መብራት አየቻት።

እንዴት እንደሚናገሩበት አታውቅም፤ ስለዚህ ሰው ፊት እንደቆመች ሁሉ አንገቷን ደፋች። “እኔ ነኝ ያነደድኩት” አለች። “ልጄ አያውቅም። ወረዳ ሄዶ ነበር። እሱ አይሆንም ብሎኛል፤ ይበስብስ ብሎኛል። እኔ ነኝ። ፍሬው እየወደቀ አላስችለኝ አለ... ልጄ ሊሄድብኝ ነው። ሌላ የለኝም። የከፈላችሁትን እመልሳለሁ፣ ቤቴንም ቢሆን ሸጬ እመልሳለሁ። የትንሿ ልጅ እናት፣ ይቅር በይኝ። ብቻ እሱን ውሸታም አትበሉብኝ። ውሸታሟ እኔ ነኝ።” ከዚያ ቃል አለቀባትና የበሰበሰ ሺዝ በተኛበት ወለል ላይ ቁጭ ብላ ተንሰቀሰቀች። ሳታፍር አለቀሰች። ባሏ ሲሞት ለልጇ ብላ የዋጠችው ሁሉ ያን ጊዜ ወጣ።

ቻውጀን በሩ ላይ ቆማ ስልኳን ታያለች። መጀመሪያ አይኗን ጠረገች፤ ከዚያ ድምፅዋ ተቀየረ።

“እትዬ... ሰው እየገባ ነው። ኧረ እየጎረፈ ነው! ‘እማማ አታልቅሺ’ ይላሉ። ‘እናቴን አስታወሰችኝ’ ይላል። ‘የተረፈውን ሁሉ እንግዛት’ ይላል አንዱ። ኧረ ዌንሻን! ዌንሻን ድረስ!”

ዌንሻን ሸሚዙን እንደያዘ መጣ። እናቱን ከወለሉ አነሳት፤ ይህም በካሜራው ታየ፤ ሰዉ ባሰበት። ከመምሸቱ በፊት የተሰረዘው ትዕዛዝ ተመለሰ፤ በላዩ ላይ ያልተሰቀለው፣ ገና ከዛፍ ያልወረደው፣ የከርሞውም ጭምር ተሸጠ። ያልደረቀውን እንዳለ ላኩልን፣ እኛ እናደርቀዋለን የሚል ሁሉ ነበር።

ሽማግሌው ዳንግ ጥርስ በሌለው ድዱ ሳቀ። “ከልብ ካለቀሱ እንባ አይገድም ማለት ይሄ ነው! አንቺ ሴትዮ፣ እኛ ሰሌዳ ተሸክመን ገደል ስንቧጥጥ፣ አንቺ እዚህ ቁጭ ብለሽ ከሶላሩ ሁሉ የበለጠ ኃይል አመነጨሽ እኮ!”

ሰዉ ሳቀ። ፌንግሊያንም ሳቀች፤ አይኗ አብጦ። ማታ እራት ላይ ዌንሻን ስልኩን ይዞ ወደ ውጭ ወጣ ገባ ሲል አየችው። ሱቁን ወደ ላይ ከፍ ሊያደርግለት የሚችል አንድ የከተማ ደላላ ነው አላት። “ምን አለህ?” ብትለው፣ “ነገም ላይቭ ግቡ አለ” ብሎ ወደ እራቱ ዞረ። እሷም ከዚያ በላይ አልጠየቀችም። ሻንጣው ተመልሶ አልጋው ሥር ገብቷል፤ ጨው አበዛሽም ብሏታል። ከዚህ በላይ ምን ትፈልጋለች?

በነጋታው ፀሐይ ወጣች።

ፌንግሊያን መጀመሪያ አላመነችም። ደጃፏ ላይ ቆማ ፊቷን ቀና አድርጋ ሙቀቱ ሲነካት፣ “አንተ ሽማግሌ፣ ታረቅን?” አለችው ሰማዩን። ተዳፋቱ ላይ ሰሌዳዎቹ ሁሉ ያብለጨልጫሉ። ማድረቂያው ቤት ገና ሳትደርስ የማራገቢያውን ድምፅ ሰማች፤ ራሱ ተነስቶ ይዞራል። ፍሬዎቹ በየክራቸው እየተወዛወዙ ነው። ግማሹ አሁንም ይድናል። በጣቷ አንዱን ጫን አድርጋ አየች፤ እንደዚህ ከዋለ በሚቀጥለው ሳምንት መታሸት ይችላል። ደስታዋ እግሯን አላስቆም አላት።

“ዌንሻን! ክፈተው፣ ካሜራውን ክፈተው! ፀሐይዋን ይዩዋት! ቁጥሩን ይዩት!”

ዌንሻን ቀድሞ ከፍቶታል። በርጩማ ላይ ተቀምጦ ስልኩን ያያል። በስክሪኑ ጥግ የሶላሩ ቁጥር እየጨመረ፣ እየጨመረ ይሄዳል፤ ከዚህ በፊት እዚያ ደርሶ አያውቅም። ከሥሩ ያለው ሌላኛው ቁጥር፣ የተመልካቹ፣ ይወርዳል።

“ምን ይላሉ?” አለች በትከሻው ላይ አጎንብሳ።

“‘እንኳን ደስ አላችሁ’ ይላሉ።”

“ታዲያ ጥሩ አይደል?”

“እያሉ ይወጣሉ።” በአውራ ጣቱ ወደ ታች ገፋ ገፋ አደረገ። “‘የምታለቅሰዋ እናት የት ሄደች?’ ይላል ይሄ።”

ከዚያ የተዳፋቱን ካሜራ አጠፋው። ፀሐይዋም ሰሌዳዎቹም ከስልኩ ላይ ጠፉ። ተነስቶ የማድረቂያውን መስኮት በሸራ ከለለ።

“እማዬ፣ ነይ ወደዚህ። ጥጉ ጋ ይሻላል፤ እዛ ብርሃን አይገባም።”

“ፀሐይ ወጥታለች እኮ ልጄ።”

“አውቃለሁ። እነሱ እስካሁን ብዙዎቹ አላወቁም፤ ዝናቡ ያላቆመ ይመስላቸዋል።”

ከባልዲው በጭልፋ ውኃ ቀዳና ፀጉሯ ላይ ቀስ አድርጎ አፈሰሰላት። አይኗ ውስጥ እንዳይገባ በመዳፉ ግንባሯን ከለለላት፤ ሕፃን ሳለ እሷ ገላውን ስታጥበው እንደምታደርገው። ውኃው አንገቷ ውስጥ ሲገባ ቀዘቀዛት።

“ምን ልበላቸው? ያለኝን ትናንት ተናግሬ ጨረስኩ።”

ዌንሻን አላያትም። ስልኩን ማቆሚያው ላይ እያስተካከለ፣ “ስለ አባዬ ንገሪያቸው” አለ። “ስለ ሳሉ። በመጨረሻው ቀን እጅሽን ይዞ ያለሽን። ስለ ምድጃው... እንዴት እንደነበር። ትንሽ ብቻ እማዬ። ደላላው ይሄ ሳምንት ካለፈ ይረሱናል አለ። እኔም መሄድ አልፈልግም። ይሄ ከሠራ የትም አልሄድም።”

እንግዲህ ይኸው፤ የለመነችው ሆነላት። ልጇ የትም አይሄድም። ፌንግሊያን ትኩር ብላ አየችው። የምትፈልገው ያንን በቀብር ማግስት አይኑ ቀልቶ ሽቦ ሲጠመዝዝ የነበረውን ልጅ ነበር። ይበስብስ ያለውን። እዚህ የቆመው አፍንጫው የሱ ነው፣ ትከሻው የሱ ነው፤ ኪሱ ውስጥ የሽቦው ጫፍ እንኳ ወጥቶ ይታያል።

ቀይዋ መብራት በራች።

“ባሌ” አለች ፌንግሊያን፣ “እዚሁ ምድጃ ላይ ነበር የሚሠራው።” ከዚያ በላይ አልሄደችም። እንባዋ መጣ። ለባሏ አልነበረም፤ ለፍሬውም አልነበረም። ፊቷን በሁለት እጇ ሸፍና፣ እርጥብ ፀጉሯ ወደፊት ወድቆ፣ ያ ልጅ ከእጇ ሲያመልጥ ስላየችው አለቀሰች፤ ከትናንቱ ይልቅ የዛሬው መረራት።

“ጎሽ እማዬ” አለ ዌንሻን ከስልኩ ጀርባ በሹክሹክታ። “እንደሱ። እየገቡ ነው።” ከዚያ ጆሮውን አቀና። ከላይ ማራገቢያው ሽው ይላል፤ ልቅሶዋን ይሸፍነዋል። በጣቱ ጫፍ እየረገጠ፣ በምስሉ ላይ እንዳይታይ ጎንበስ ብሎ፣ ወደ ግድግዳው ሄደና ማራገቢያውን አጠፋው።